የአፈርን ረኀብ የመረመረው ሊቅ
ዩስቱስ ሊቢግና የማዳበሪያ ምርጫ

ገበሬ ማሳው ሲደክምበት የሚያነሣው ጥያቄ በየትም አገር አንድ ነው። መሬቱ ምን ጎደለው? ምንስ ቢጨመርበት ወደ ቀድሞ ጉልበቱ ይመለሳል? ፍግ የሚያፈስ አለ፤ አመድ የሚበትን አለ፤ መሬቱን አሳርፎ የሚጠብቅ አለ፤ ዛሬ ደግሞ ወደ ኅብረት ሥራ ማኅበር መጋዘን ሄዶ በከረጢት የታሸገ ማዳበሪያ የሚገዛ አለ። ነገር ግን ከእነዚህ ሁሉ የትኛው ለየትኛው መሬትና ለየትኛው ዘር እንደሚስማማ ለይቶ ማወቅ ራሱን የቻለ ዕውቀት ነው።

ይህን ዕውቀት በኬሚስትሪ መሠረት ላይ ካቆሙት ሊቃውንት መካከል በግንባር ቀደም የሚቆጠረው ጀርመናዊው ዩስቱስ ሊቢግ ነው። ታሪኩን ዛሬ ለአንባብያን ለማቅረብ ያነሣሣን ምክንያት ግን ሊቅነቱ ብቻ አይደለም። ይህ ሰው በዝናው ጫፍ ላይ ሳለ ራሱ መርጦ ባዘጋጀው ማዳበሪያ ክፉኛ ተሳስቶ፣ ብዙ ዘመን ከተከራከረ በኋላም ስሕተቱን በገዛ እጁ ጽፎ ለማመን የበቃ በመሆኑ ነው። በዚህ ጽሑፍ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

የቀለም ነጋዴው ልጅ

ዩስቱስ ሊቢግ በሄሰን ግዛት በዳርምሽታት ከተማ ግንቦት 12 ቀን 1803 ተወለደ። አባቱ ቀለምና ቫርኒሽ እንዲሁም ልዩ ልዩ ቅመሞችን እያዘጋጀ የሚሸጥ ነጋዴ ነበረ። ልጁም ከአባቱ ዘንድ ሲቀምምና ሲያሞቅ፣ ሲያጣራና ሲያደርቅ አደገ። ከከተማው ቤተ መጻሕፍት የኬሚስትሪ መጻሕፍትን እየተዋሰ ያነብብ ነበር፤ ያነበበውንም ቤቱ ተመልሶ ሳይሞክር አያድርም ነበር።

በትምህርት ቤት ግን ዕድል አልቀናውም። በዚያ ዘመን ትምህርት ማለት ከሁሉ በፊት የላቲንና የግሪክ ቋንቋን በቃል ማጥናት ነበረና፣ ሊቢግ በዚህ ከክፍሉ ኋላ ቀሮች አንዱ ሆነ። አንድ ቀን መምህሩ እየገሠጸ ወደፊት ምን ለመሆን እንደሚያስብ ቢጠይቀው፣ ኬሚስት ለመሆን እንደሚሻ መለሰ። መምህሩም ተማሪዎቹም በሳቅ ፈነዱ። በዚያ ጊዜ ኬሚስትሪ አንድ ሰው ዕድሜውን ሙሉ የሚተዳደርበት ሙያ ይሆናል ብሎ የሚያስብ ጥቂት ነበረና፣ ሳቃቸው የሚያስገርም አይደለም።

በ1815 በዛሬይቱ ኢንዶኔዥያ የሚገኘው የታምቦራ እሳተ ገሞራ ፈንድቶ፣ ከጢሱና ከአቧራው የተነሣ በ1816 አውሮፓ በጋ ሳታይ ቀረች። ሰብሉ በየማሳው ሳይበስል በሰበሰ፤ የእንጀራ ዋጋ ናረ፤ በጀርመን አገሮችም ብዙ ሕዝብ ተራበ። ሊቢግ ያን ጊዜ የ13 ዓመት ልጅ ነበረ። በኋላ የዕድሜውን እኩሌታ ለእህል ጉዳይ የሰጠው ሰው፣ የእህል መጥፋት ምን እንደሆነ በልጅነቱ አይቶት ነበር።

ከትምህርት ቤት ከወጣ በኋላ በሄፐንሃይም ከተማ ከአንድ መድኃኒት ቀማሚ ዘንድ ሙያ እንዲለምድ ተሰጠ፤ ነገር ግን ብዙ ሳይቆይ ወደ ቤቱ ተመለሰ። በመኝታ ክፍሉ በሚያደርገው ሙከራ ፍንዳታ አስነሥቶ ስለተባረረ ነው ተብሎ ሲነገር ኖሯል፤ ታሪኩን የመረመሩ ሰዎች ግን አባቱ የሥልጠናውን ክፍያ ለማሟላት ስላልቻለ ሳይሆን እንደማይቀር ይገልጻሉ።

ከፓሪስ እስከ ጊሰን

በ1820 ወደ ቦን ዩኒቨርሲቲ፣ ቀጥሎም ወደ ኤርላንገን ሄዶ ተማረ። በ1822 የሄሰን ታላቅ መስፍን ገንዘብ ስለ ረዳው በዚያን ጊዜ የሳይንስ ማእከል ወደ ነበረችው ወደ ፓሪስ ተሻገረ። እዚያም ታዋቂው ጌ-ሉሳክ ወደ ራሱ ቤተ ሙከራ አስገብቶ፣ የሚመዘነውን ሁሉ መመዘንና ያልተመዘነውን አለማመን አስተማረው። ወጣቱ ስለ ፈንጂ የብር ቅመም ያደረገው ምርመራ በሳይንስ አካዳሚ በቀረበ ጊዜ፣ ዓለምን ዞሮ ያየው ሊቅ አሌክሳንደር ሁምቦልት ችሎታውን ተመልክቶ ለታላቁ መስፍን አደራ አለለት። በዚህም ምክንያት ሊቢግ በ1824 ገና በ21 ዓመቱ በትንሺቱ የጊሰን ዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ሆኖ ተሾመ።

ጊሰን ስትደርሱ ታላቅ ሕንፃ የምታዩባት ስፍራ አልነበረችም። ለሊቢግ የተሰጠው ቤተ ሙከራ ቀድሞ የወታደር ዘብ ያድርበት የነበረ ቤት ነው። ይሁን እንጂ ሊቢግ በዚያ ቤት ውስጥ አዲስ የማስተማር ዘዴ አቆመ። ተማሪው ተቀምጦ የመምህሩን ቃል መጻፉን ትቶ፣ ራሱ ሚዛንና እሳት ይዞ፣ መልሱ ያልታወቀ ጥያቄ ተሰጥቶት እንዲመረምር አደረገ። በ1831 አምስት የመስተዋት እንክብሎች የተያያዙበት አንዲት መሣሪያ ሠራ፤ ይህችም መሣሪያ ከተክል ወይም ከእንስሳ በተገኘ ነገር ውስጥ ምን ያህል ካርቦን እንዳለ በቀላሉ ለመመዘን አስቻለች። ቀድሞ ታላላቅ ሊቃውንትን እንኳ ብዙ ጊዜ ይፈጅባቸው የነበረውን ሥራ አንድ ትጉህ ተማሪ በአጭር ጊዜ የሚፈጽመው ሆነ። ስለዚህ ከእንግሊዝ፣ ከፈረንሳይና ከአሜሪካ ሳይቀር ወጣቶች ወደ ጊሰን ጎረፉ። ከእነርሱም አንዱ ወደፊት መምህሩን የሚረታው እንግሊዛዊ ጆሴፍ ሄንሪ ጊልበርት ነበረ።

አመድ የተናገረው

በዚያ ዘመን ብዙ ሊቃውንት ተክል የሚመገበው በአፈር ውስጥ ያለውን ብስባሽ ነው ብለው ያምኑ ነበር። መሬት ጥቁር ከሆነና ብስባሽ ካለው ያበቅላል፤ ብስባሹ ካለቀ ይመክናል ይሉ ነበር። ሊቢግ በ1840 ኬሚስትሪ ለእርሻ ስለሚሰጠው ጥቅም የጻፈውን ታላቅ መጽሐፍ ሲያወጣ ይህን አሳብ ከሥሩ ነቀለው። ተክል አካሉን የሚሠራበትን ካርቦን የሚያገኘው ከአየር ነው፤ ከአፈር የሚወስደው ግን ማዕድናትን ነው አለ።

ለዚህም ያቀረበው ምስክር አመድ ነበር። ስንዴም ሆነ ድንች ወይም የዛፍ ቅጠል ቢቃጠል አብዛኛው ወደ አየር ይተንናል፤ የሚቀረው ጥቂት አመድ ግን ቢመረመር ፖታስ፣ ኖራ፣ ማግኒዥያ፣ ፎስፎረስና ድኝ ይገኝበታል። እነዚህ ሁሉ ከአፈር የወጡ ናቸው። እህሉ ከማሳው ተነሥቶ ወደ ከተማ ሲጫን እነርሱም አብረው ይጫናሉ። ተመልሰው ካልመጡ መሬቱ በየዓመቱ ይደኸያል ማለት ነው።

ከዚህ ተነሥቶ ሊቢግ በየአገሩ ያስተማረው አንድ ሕግ አለ። የሰብል ዕድገት የሚወሰነው በብዛት ባለው ምግብ ሳይሆን ከሁሉ ባነሰው ነው። ለምሳሌ በአፈሩ ውስጥ ፖታስና ኖራ ቢትረፈረፍ፣ ፎስፎረስ ግን ቢያንስ፣ ምርቱ በፎስፎረሱ ልክ ይሆናል፤ ፖታስ በላይ በላዩ ቢጨመርም ገንዘብ ከማባከን በቀር ጥቅም የለውም። ከእርሱ በኋላ የተነሡ መምህራን ይህን ለማስረዳት፣ ሳንቃዎቹ እኩል ያልሆኑ በርሜል ይሥላሉ። ውኃው የሚቆመው በረጅሞቹ ሳንቃዎች ልክ አይደለም፤ ከአጭሩ ሳንቃ በላይ የተሞላው ሁሉ ይፈሳል። እውነቱን ለመናገር ይህን ሕግ ከሊቢግ በፊት በ1820ዎቹ የጻፈው ሌላው ጀርመናዊ ካርል ሽፕሬንግል ነው፤ ሊቢግ ግን በብዕሩ ኃይል ለዓለም አሰማው። ማዳበሪያ መምረጥ ማለት አጭሩን ሳንቃ ፈልጎ ማግኘት መሆኑን ገበሬውም መንግሥቱም ያወቁት በዚህ ዓይነት ነው።

ዝናብ የፈራው ማዳበሪያ

ሊቢግ በዚህ ድል ተደፋፍሮ ከትምህርት ወደ ንግድ ገባ። በ1845 በእንግሊዝ አገር ከፋብሪካ ባለቤቱ ከጄምስ ማስፕራት ጋር ሆኖ በስሙ የተጠራ ማዳበሪያ ለገበያ አቀረበ። ለየሰብሉ አመድ መርምሮ፣ አመዱ ያሳየውን ማዕድን በልክ ቀምሞ የሚሰጥ ነበርና፣ በወረቀት ላይ ሲታይ እንከን የማይወጣለት ነበር።

ነገር ግን ሊቢግ አንድ ሥጋት ነበረበት። ፖታስ በውኃ የሚሟሟ ጨው ስለሆነ ዝናብ አጥቦ ከሥር በታች ይወስደዋል ብሎ ፈራ። ስለዚህ ቅመሙን በምድጃ ከኖራ ጋር አቅልጦ በቶሎ የማይሟሟ አደረገው። ናይትሮጅንን በሚመለከትም፣ ከአየር በዝናብ የሚወርደው አሞኒያ ለሰብል ይበቃል ብሎ ስላመነ ብዙም አላሰበበትም። የሊቢግን ስም አምነው ማዳበሪያውን የገዙ ገበሬዎች በመከር ጊዜ ማሳቸውን ቢያዩ ያልተደረገበት ማሳ ከተደረገበት አይለይም ነበር። የቀለጠው ቅመም እንደ ድንጋይ ሆኖ በአፈር ውስጥ ተቀምጦ፣ ሥር ሊመገበው አልቻለም። ገበሬው ገንዘቡን፣ ሊቁም ክብሩን አጣ።

በዚሁ ዘመን በእንግሊዝ በሮትሃምስቴድ ባለርስቱ ጆን ሎውስ አጥንትንና ፎስፎረስ ያለበትን ድንጋይ በድኝ አሲድ አሟሙቶ በቶሎ የሚሠራ ማዳበሪያ በማውጣት በ1842 የባለቤትነት መብት አግኝቶ ነበር። አጥንትን በአሲድ ማሟሟት ሊቢግ ራሱ በመጽሐፉ የመከረው ነገር መሆኑን ስናስታውስ፣ በገዛ ማዳበሪያው ተቃራኒውን ማድረጉ ያስደንቃል። ሎውስ በ1843 የሊቢግን ተማሪ ጊልበርትን ቀጥሮ ብሮድባልክ የተባለውን ማሳ በመደብ በመደብ ከፈለው። አንዱ መደብ ምንም ሳይደረግበት ቀረ፤ አንዱ ፍግ ተደረገበት፤ አንዱ ማዕድን ብቻ፤ ሌላው ማዕድንና የአሞኒያ ጨው አንድ ላይ ተሰጠው። ስንዴው ሲታጨድ ማዕድን ብቻ ያገኘው መደብ ምንም ካላገኘው እምብዛም አልበለጠም፤ አሞኒያ የተጨመረበት ግን በፍግ ከለማው ጋር የሚወዳደር ምርት ሰጠ። በዚያ መሬት ላይ ለስንዴው አጭሩ ሳንቃ ሊቢግ የናቀው ናይትሮጅን ሆኖ ተገኘ።

ደግሞም የሰብሉ ዓይነት ሲለወጥ መልሱ ይለወጥ ነበር። የፈረንጅ ቀይ ሥርን የመሰለው ተርኒፕ የተባለው የከብት መኖ ከሁሉ ይልቅ ለፎስፎረስ ያጎነብስ ነበር፤ ባቄላና መሰሎቹ ግን ለናይትሮጅን ማዳበሪያ ግድ አልነበራቸውም። ይህም የሆነው በሥራቸው እብጠቶች ውስጥ የሚኖሩ ረቂቅ ሕዋሳት ናይትሮጅንን ከአየር ስለሚያዘጋጁላቸው መሆኑ ሊቢግ ከሞተ በኋላ በ1880ዎቹ ተረጋገጠ። እንግዲህ አፈሩን ብቻ ማወቅ አይበቃም፤ የሚዘራውንም ማወቅ ያስፈልጋል።

የሊቁ ኑዛዜ

ክርክሩ ዓመታት ፈጀ። ሊቢግ በብዕር ኃይለኛ፣ በቍጣም ፈጣን ነበረና ሎውስንና ጊልበርትን አልማራቸውም። ነገር ግን በ1850 ቶማስ ዌይ የተባለ እንግሊዛዊ ኬሚስት አንድ ቀላል ሙከራ አሳተመ። አሞኒያ ወይም ፖታስ የሟሟበት ውኃ በአፈር ውስጥ ሲያልፍ አፈሩ ጨዉን ይዞ ያስቀረዋል። ምግቡን ከዝናብ የሚጠብቅ ዘብ አስቀድሞ በአፈሩ ውስጥ ተተክሎ ኖሯል። ሊቢግ ማዳበሪያውን በእሳት ያቀለጠው የሌለ ጠላት ፈርቶ ነበር ማለት ነው።

በ1852 የባቫርያው ንጉሥ ማክሲሚልያን ጠርቶት ወደ ሙኒክ ተዛወረ። በዚያም ነገሩን ደጋግሞ ካሰላሰለ በኋላ፣ በ1862 የታላቁን መጽሐፉን ሰባተኛ እትም ሲያወጣ በመቅድሙ ላይ ራሱን ወቀሰ። የፈጣሪን ሥራ ጎዶሎ መስሎት ለማሻሻል መነሣቱን፣ ስለዚህም የሚገባውን ቅጣት መቀበሉን ገልጾ ጻፈ። ያን ጊዜ 59 ዓመቱ ነበር፤ የባሮንነት ማዕረግ ካገኘ 17 ዓመት ሆኖታል፤ የባቫርያም የሳይንስ አካዳሚ ፕሬዚዳንት ነበረ። ዝም ቢል የሚያስገድደው አልነበረም። በናይትሮጅን ጉዳይ ግን እስከ መጨረሻው ፈጽሞ እጁን እንዳልሰጠ መዘንጋት አይገባም፤ ታላላቅ ሰዎችም ስሕተታቸውን የሚያምኑት በከፊል ነውና።

በሙኒክ ሳለ አጥብቆ የጮኸበት ሌላ ጉዳይም አለ። ከተሞች እህልና ሥጋ ከገጠር እየጫኑ፣ ፍርፋሪውንና ፍሳሹን ግን ወደ ወንዝና ወደ ባሕር መድፋታቸው መሬትን መዝረፍ ነው ይል ነበር። የለንደን ከተማ ፍሳሽ ወደ ማሳ እንዲመለስ መከረ። እንግሊዝ ለማዳበሪያ ስትል ከአውሮፓ የጦር ሜዳዎች ሳይቀር የሙታንን አጥንት ትለቅማለች ብሎ ከሰሰ። ከፔሩ ደሴቶች በመርከብ የሚጫነው ጉዋኖ የተባለው የወፍ ኩስም አንድ ቀን ማለቁ እንደማይቀር አስጠነቀቀ። ሊቢግ በሙኒክ ሚያዝያ 18 ቀን 1873 በ69 ዓመቱ ዐረፈ። የጊሰን ዩኒቨርሲቲ ዛሬ በስሙ ይጠራል፤ ያ የዘብ ቤት የነበረው ቤተ ሙከራም ከ1920 ጀምሮ ሙዚየም ሆኖ ይጎበኛል።

ለእኛ ምን ተረፈ?

ከሊቢግ ዘመን ወዲህ ብዙ ነገር ተለውጧል። በ1913 በጀርመን አገር ናይትሮጅንን ከአየር ወስዶ አሞኒያ የሚያደርግ ፋብሪካ ሥራ ጀመረ፤ ዛሬ ገበሬ የሚገዛው ዩሪያ የዚያ ጥበብ ልጅ ነው። የሊቢግ ጥያቄ ግን አልተለወጠም። በአገራችን ለረጅም ዘመን ለደጋውም ለቆላውም፣ ለጤፉም ለበቆሎውም የሚታደለው ዳፕና ዩሪያ ብቻ ነበር። በ2012 የተጀመረው የአፈር ጥናት በብዙ ስፍራ ድኝ፣ ዚንክና ቦሮን ጭምር እንደሚጎድሉ ስላሳየ፣ ለየአካባቢው የተለያየ ቅይጥ ማዳበሪያ ማዘጋጀት ተጀመረ። ይህም አጭሩን ሳንቃ ከመፈለግ ሌላ አይደለም።

ዝናብ በሚበዛበትና ሙቀት ባለበት አገር ምርጫው ይበልጥ ጥንቃቄ ይሻል። አፈር አሞኒያንና ፖታስን ቢይዝም፣ ናይትሬት የሚባለውን የናይትሮጅን ዓይነት ግን አይዘውም፤ ከባድ ዝናብ ያጥበዋል። ስለዚህ ዩሪያን አንድ ጊዜ ከማፍሰስ ከፋፍሎ በየወቅቱ መስጠት ይመከራል። በኮምጣጣና በቀይ አፈር ላይ ደግሞ ፎስፎረስ ከብረትና ከአሉሚንየም ጋር ተጣብቆ ለሥር አይደርስም፤ እንዲህ ባለ ቦታ አስቀድሞ ኖራ ያልተደረገበት መሬት ማዳበሪያውን ውጦ ዝም ይላል። የሊቢግ የዝናብ ፍርሃት በአንዱ ማዕድን ሐሰት፣ በሌላው እውነት ነበረ ማለት ነው።

አንድ ነገር እንጨምር። በብዙ የአገራችን ስፍራ እንጨት ስለጠፋ ፋንድያውና እበቱ ኩበት ሆኖ ከምድጃ ይገባል። ባልቴቲቱ በማግሥቱ አመዱን አፍሳ ከጓሮ ስትበትነው መልካም ሥራ ሠራች፤ ፎስፎረሱና ፖታሱ በአመዱ ውስጥ አለና። ናይትሮጅኑ ግን ሌሊት ከጢሱ ጋር በጣራው ወጥቶ ሄዷል። ታላቁ ሊቅ አመዱን መዝኖ ጢሱን የረሳው በዚሁ ዓይነት ነበር።

እንግዲህ በትምህርት ቤት ያላችሁ ወጣቶች፣ በየወረዳውም ተመድባችሁ ገበሬውን የምትመክሩ ባለሥልጣኖች፣ ከዚህ ታሪክ የምትወስዱት ሁለት ነገር ነው። ለሺህ ገበሬ አንድ ማዳበሪያ ከማዘዛችሁ በፊት ጥቂት መደቦችን ከፍላችሁ አፈሩን ራሱን ጠይቁት፤ አንዱንም መደብ ምንም ሳታደርጉበት ተዉት፤ እርሱ ባይኖር ማን ከማን እንደ በለጠ አይታወቅምና። መከሩ የመከራችሁትን ካፈረሰው ደግሞ ሳትዘገዩ ንገሩት። ሊቢግ ይህን ለማለት 17 ዓመት ፈጅቶበታል፤ ያን ያህል ጊዜ የሚታገሥ ገበሬ አይገኝም።